ከሙዙ ስር የታየችው ሴት

«ያቻትና! ነጭ ለብሳለች! ከሙዙ ስር!»

ዊዳድ በመስኮቱ እየጠቆመች የጮኸችው የሒሳብ ፈተናው ገና ሲታደል ነው። ጩኸት እንደ ማዛጋት ይጋባል፤ ከኋላ ያሉት ልጆች ተከተሏት፣ አንዷ ራሷን ሳተች፣ ክፍሉ በሙሉ እሪ አለ። ፈተናው ቀረ።

ፖንቲያናክ የምትባለው መንፈስ መሆኗን ማንም አልተጠራጠረም። በወሊድ የሞተች ሴት መንፈስ ሆና፣ ፀጉሯን ለቃ ሙዝ ተክል ስር እንደምትቆም በክላንታን አገር የማያውቅ ልጅ የለም። «ፊቷስ ምን ይመስላል?» ሲሏት ግን ዊዳድ፣ «ሜሉርን» አለች።

ሁሉም ፊት ለፊቷ ወደተቀመጠችው ጓደኛዋ ወደ ሜሉር ዞሩ። እናቷ ትንሹን ወንድሟን ስትወልድ ከሞተች ገና ዓመት አልሞላትም።

ከሰዓት በኋላ፣ ከሶላት በፊት የሚታጠቡበት ውዱእ ማድረጊያው ጋ፣ ሜሉር ዊዳድን ለብቻዋ አገኘቻት።

«እውነት እኔን ትመስላለች? ምንም አላለችሽም?»

«አንቺ ደግሞ! ፎገራ ነው እኮ» ብላ ዊዳድ ሳቀች። «አንድ ገጽ አላጠናሁም። ፊቷን ሲጠይቁኝ ፊት ለፊቴ አንቺ ነበርሽ፣ አመለጠኝ። ለማንም እንዳትናገሪ፤ ማስጠንቀቂያ አለብኝ፣ ያባርሩኛል።»

ሜሉር መናደድ ነበረባት። ከመናደድ ይልቅ ግን ከፋት። ጠዋቱን ሙሉ እየፈራችም፣ ለእናቷ የምትነግራትን በልቧ ስታዘጋጅ ነበር፤ ሕፃኑ መዳህ መጀመሩን፣ አባቷ በየቀኑ ሩዝ እንደሚያሳርር። ሰው የሚፈራውን ነገር እንዴት ይናፍቃል? ለራሷም ግራ ገባት።

ከትምህርት በኋላ ወደ ትምህርት ቤቱ ቢሮ ተጠራች። አባቷ ቆቡን በእጁ ይዞ ተቀምጧል። ወላጆች ያስጠሯቸው ሽማግሌ አዋቂ ረጅም ምስማር ጠረጴዛው ላይ አስቀምጠዋል።

«የእናቷ መቃብር ራስጌ ላይ እንመታዋለን። ሁለተኛ አትነሳም» አሉ።

«እሷ የምታርፍ ከሆነ... እሺ» አለ አባቷ፣ ቀና ሳይል።

ማጅራቷ ላይ ምስማር የተመታባት ፖንቲያናክ ተመልሳ ሰው ትሆናለች፣ ቤት ገብታ ታበስላለች ሲባል ሜሉር ሰምታለች። ለአፍታ «ይምቱት!» አለች በሆዷ። ወዲያው ደግሞ በመቃብሩ በኩል የሚያልፍ ሁሉ እናቷን በምን ስም እንደሚጠራት ታሰባት።

«አንቺም አየሻት?» አለቻት ፈተናውን ያደለችው ቲቸር ሮስናኒ።

«ማንም አላያትም። ዊዳድ ፈጥራው ነው።» ጓደኛዋን አሳልፋ መስጠቷ አንገበገባት። «እማዬ ብትሆን ኖሮ ወደ እኔ ነበር የምትመጣው።»

«እርግጠኛ ነሽ ልጄ?» አሉ አዋቂው።

እርግጠኛ አልነበረችም። አልመጣችም ብሎ መናገር እናቷን እንደገና በገዛ እጇ እንደ መቅበር ከበዳት።

«አልመጣችም» አለች። ምስማሩን አነሳችና በሁለት እጇ ለሽማግሌው መለሰችላቸው።