ታክሲ ነጂ ሁለት

ዜማ ቪዲዮውን ለሦስተኛ ጊዜ አቆመችው። ማጅራት ነው። ከኋላ የተቀረጸ የታክሲ ሹፌር ማጅራት፤ ሌላ የሚታይ ነገር የለም።

«ፎግረውሻል» አለች ጓደኛዋ ጊፍቲ። «ማለቴ፣ አንገት እኮ ነው። አንገት የሌለው ማን አለ?»

ዜማ በልቧ ምነው አፌን በቆረጠው አለች። የአባቷ የአጎት ልጅ ጋሼ ነጋሽ ከጀርመን መጥተው ኧርቪንግ ከተማ እነሱ ቤት ካረፉ ሦስት ወራቸው ነው። ከኤርፖርት ሆቴል መንገደኛ ያመላልሳሉ። አንድ ቀን እራት ላይ «ጀርመን አሥራ አንድ ፊልም ሠርቻለሁ» ቢሉ፣ እሷ ቸኩላ ለድራማ ክፍሉ በሙሉ አወራች። ከአፍ ከወጣ አፋፍ ነው። አሁን አስተማሪዋ ለሙያ ቀን እንግዳ እንዲሆኑ ቅጽ ሰጥታታለች፤ የሚመለሰው ነገ ጠዋት ነው። ኢንተርኔት ላይ ግን ስማቸው የተገኘው አንድ ቦታ ብቻ፣ ከዚህ ፊልም የተዋንያን ዝርዝር ግርጌ ነው፦ ታክሲ ነጂ 2። ምናልባት የእውነት ታክሲ ሲነዱ ካሜራው አግኝቷቸው ይሆናል። ማን ያውቃል?

ከትምህርት ቤት ሊወስዷት ሲመጡ መኪናው ውስጥ ጠየቀቻቸው።

«ጋሼ፣ እውነት ተዋናይ ነበሩ?»

አልተቆጡም። ቀይ መብራት ላይ ሲቆሙ ከመኪናው መሳቢያ ጠርዙ የተበላ ደብተር አውጥተው ሰጧት። ለእያንዳንዱ ፊልም አንድ ገጽ አለው። ታክሲ ነጂ 2፦ «ስሙ ማኑሄ። ልጁ ታማለች። ተሳፋሪው ሲጮህበት አይሰማውም። መብራት ላይ ሲቆም መድኃኒቷ መኖሩን ኪሱን ይዳስሳል።»

«ይሄን ዳይሬክተሩ ነው የጻፈው?»

«ዳይሬክተሩማ ‹ዝም ብለህ ንዳ› ነው ያለኝ። እኔ ግን ዝም ብሎ የሚነዳ ሰው አይቼ አላውቅም።»

ዜማ አሁንም አላመነችም። ደብተር ትናንትናም ሊጻፍ ይችላል። ቤት ገብታ በሯን ዘጋችና ቪዲዮውን ከፈተች። ተሳፋሪው ይጮሃል። መብራቱ ቀላ። ያኔ የሹፌሩ ቀኝ እጅ ከመሪው ተነስቶ የደረት ኪሱን ዳሰስ አደረገና ተመለሰ። ሦስት ጊዜ ስታይ ልብ አላለችውም። አፈረች። ከማፈሯም በላይ ስለዚያች ታማለች ስለተባለችው ልጅ ተጨነቀች።

ስልኳ ጮኸ፤ የጊፍቲ መልእክት ነው። «ሶ፣ ምን ልታደርጊ ነው? ካንስል አድርጊው።»

ዜማ ቅጹን ሳበች። ሥራ በሚለው ቦታ ላይ እንዳይሳቅባት ብላ በእርሳስ «ሹፌር» ብላ ጽፋ ነበር። አጠፋችው። በእስክሪብቶ «ተዋናይ» ብላ ጻፈችና ለጊፍቲ መለሰችላት፦

«ይመጣሉ። ክሊፑን እንደገና እዪው። እጁን።»