ጌሻዋ ዩሪኮ በካዛንቺስ

ሊካሳ እባላለሁ፤ ካዛንቺስ አንድ የባህል ምሽት ቤት ውስጥ ተወዛዋዥ ነኝ።

ዩሪኮን መጀመሪያ ያየኋት ልምምድ ላይ ነው። ገባችና ጎንበስ ብላ እጅ ነሳችኝ። እኔም ደንግጬ ጎንበስ አልኩ... ግንባር ለግንባር ተጋጨን!

«ይቅርታ!» አለች በአማርኛ።

«አማርኛ ትችያለሽ እንዴ?»

«ትንሽ ትንሽ። እስክስታ አስተምረኝ።»

የጃፓኗ የኪዮቶ ከተማ ልጅ ናት። የኛ አገር ቡድን እዚያ ሲጨፍር አይታ፣ የስድስት ወር ፈቃድ ጠይቃ መጣች። ኡራኤል ቤት ተከራይታ በየቀኑ ትመጣለች። ትከሻዋ እምቢ ሲላት ከት ብላ ትስቃለች። በሁለተኛው ወር፣ በቃ፣ ካላየኋት ቀኑ አይመሽልኝም ነበር።

አንድ ቀን ከበሮ መቺያችን ሳላሀዲን ጠጋ አለኝ። «ጌሻ ናት አሉ። ጌሻ እኮ... ማለቴ፣ ወንድ የምታጫውት ናት።»

ዓይኗን መሸሽ ጀመርኩ።

በሦስተኛው ቀን ፊቴ ቆመች። «ምን አጠፋሁ?»

የሰማሁትን ነገርኳት። ፊቷ ተለወጠ፤ ግን አልጮኸችም።

«በአሥራ አምስት ዓመቴ ከእናቴ ተለየሁ» አለች። «ጌሻ ቤት ገባሁ። ስልክ የለም። ፀጉሬ እንዳይበላሽ አንገቴን እንጨት ላይ አሳርፌ እተኛ ነበር። የጭፈራ ማራገቢያ መዘርጋት ብቻ ስንት ወር ተማርኩ! ጌሻ ማለት የጥበብ ሰው ነው... አንተስ? ምሽት ቤት ስትጨፍር ሰው ምን ይልሃል?»

የገዛ አባቴ «ለሰካራም ትከሻውን የሚነቀንቅ» ብሎ ሁለት ዓመት አኩርፎኛል።

«በድዬሻለሁ ዩሪኮ። ይቅር በይኝ።»

ማራገቢያዋን ዘረጋችና ጨፈረች። እንዲያ ቀስ ያለ ጭፈራ አይቼ አላውቅም። ጥግ ላይ ሆኖ የሚያየን ሳላሀዲን ከበሮውን እንዳቀፈ ዕንባው መጣ።

ያን ቀን እስከ ላንቻ በእግራችን ሄድን።

«እወድሻለሁ» አልኳት።

«እኔም... ግን ጌሻ ካገባች ሙያውን ትለቃለች። የጌሻነት ሥልጠናዬን ለመጨረስ ደግሞ ትንሽ ነው የቀረኝ።»

«ቅሪ» ልላት አፌ ላይ መጣ። ዋጥኩት።

«እንግዲያው ሂጂ፣ ጨርሺ። የለፋሽበትን በኔ ምክንያት አትተዪ።»

«ትጠብቀኛለህ?»

«እጠብቅሻለሁ!»

ሄደች። ሙሉ ጌሻ ሆና ሁለት ዓመት ሠራች። ሰኞ ሰኞ ትደውልልኛለች። ድምፅዋ ውስጥ ድካሟ ይሰማኛል፤ አንድም ቀን «ተመለሺ» አላልኳትም። ባለፈው መስከረም ግን፣ «የጌሻ ቤቱን እመቤት ተሰናበትኳት» አለችኝ።

«ምን አለችሽ?»

«አለቀሰች... ከዚያ ልብሴን ራሷ አጣጥፋ ሻንጣዬ ውስጥ ከተተችልኝ።»

ኤርፖርት ሄጄ ሻንጣዋን ተቀበልኳት።

«ለኔ ብለሽ ጭፈራሽን ተውሽው ማለት ነው?»

«ጭፈራ አልተውኩም» አለች ፈገግ ብላ። «ቤቱን ነው የተውኩት። ጭፈራውን ይዤው መጣሁ።»

ኅዳር ላይ ተጋባን። አሁን እዚሁ አዲስ አበባ፣ ቡልጋሪያ አካባቢ አንዲት አዳራሽ ተከራይተን እሷ የአገሯን፣ እኔ የአገሬን ጭፈራ እናስተምራለን። ሰሞኑን ሐኪሟ «ቀስ በይ» ስላላት፣ ወንበር ላይ ተቀምጣ በእጇ ብቻ ነው የምታስተምረው። ለአዲስ ዓመት ሦስት እንሆናለን!