ሁለተኛው ምት

«ክርኗን ጥብቅ አድርገሽ ያዢልኝ» አለች እናቷ።

ሚጢጢ አልተንቀሳቀሰችም። ምንጣፉ ላይ «ረዥሟ» የሚሏት የክፍሏ ልጅ ተቀምጣ ታለቅሳለች። ግራ እጇ ከአንጓው ከፍ ብሎ ጎብጧል። የሚጢጢ እናት ወጌሻ ናት፤ በሰፈሩ እሷ እጅ ላይ ያልጮኸ ኳስ ተጫዋች የለም። ረዥሟን ደግፈው ያመጧት ልጆች የሚጢጢ ቤት መሆኑን አላወቁም ነበር።

«እንዴት ሆነሽ ነው የኔ ልጅ?»

«ከደረጃ ወድቄ» አለች ረዥሟ፣ ሚጢጢን ሰረቅ አድርጋ እያየች።

ውሸቱን ያስጠናቻት ሚጢጢ ራሷ ናት። ዛሬ በእረፍት ሰዓት ከክፍሎቹ ጀርባ ረዥሟ የምታነበውን የ«ምላጯ»ን አራተኛ መጽሐፍ ነጥቃ ቀደደችባት። «እሷን ነኝ ብለሽ ነው የምትጀነኚብን?» አለቻት። ምላጯ የዚያ ልብ አንጠልጣይ ተከታታይ መጽሐፍ ጀግና ናት። ትመታለች፣ ታቆስላለች፣ ዞራ አታይም፤ ማታ እራቷን በልታ ለጥ ትላለች። ሚጢጢ ከተሰበረ ወንበር የወለቀ የብረት እግር አነሳች። በመጀመሪያው ምት የረዥሟ እጅ አጥንት ሲሰበር ሰማችው። ረዥሟ ወድቃ «በናትሽ!» ስትላት ደገመቻት፤ ክርኗ ላይ። ሁለተኛው በንዴት አልነበረም። ደስ ብሏት ነው።

«ከደረጃ ወደቅሁ በይ። ትንፍሽ ብትዪ ሌላኛው እጅሽ ይቀጥላል» ብላት ሄደች። ዞራም አላየች። እጇን ስትታጠብ ጸጸቱን ጠበቀችው፤ አልመጣም። እንዲያውም ልቧ ጮቤ ረገጠ።

አሁንም አልመጣም። ግን እናቷ ስታሽ እያየች ነው ያደገችው። የተሰነጠቀ ክርን ተይዞ ክንድ ከተጎተተ ስንጥቁ ይሰፋል፤ እጁም ሳይታጠፍ ይቀራል። የረዥሟን ክርን ደግሞ የሹራቧ እጅጌ ሸፍኖታል።

«ጆሮሽ የት ሄደ? ያዢ እንጂ!»

ረዥሟ በደህናው እጇ እጅጌዋን ክርኗ ላይ ሳብ አደረገች። ከሚመጣው ሕመም ይልቅ ሚጢጢን ፈርታለች። ምላጯ ብትሆን ይሄን ፍርሃት ትወደው ነበር። ሚጢጢም ለአፍታ ወደደችው።

እናቷ ለመሳብ እግሯን አደላደለች።

«እማዬ፣ እንዳትስቢ! ክርኗም ተመቷል።»

እናቷ እጁን ቀስ ብላ አሳረፈችና እጅጌውን በመቀስ ቀደደችው። ክርኑ አብጦ ጠቁሯል።

«ይሄ የኔ ሥራ አይደለም፤ ራጅ ይፈልጋል» አለች። ከዚያ ወደ ልጇ ዞረች። «አንቺ በምን አወቅሽ?»

«ከደረጃ ነው እትዬ! እውነቴን ነው!» አለች ረዥሟ ተሽቀዳድማ።

በሩ ክፍት ነበር። ሚጢጢ በሩን አየችው። ከዚያ ምንጣፉ ላይ ከረዥሟ ፊት ለፊት ተቀመጠች።

«በብረት ነው» አለች። «ሁለት ጊዜ መታኋት። ሁለተኛውን ወድቃ እየለመነችኝ ነው።»

የእናቷ ጥፊ ሲያርፍባት ጆሮዋ ጭው አለ። ዓይኗን ከክርኑ ላይ አላነሳችም።