ፍልሰታ እስኪፈታ የተቀመጠው ጌም

ዮፍታሔ የሞተው ሐሙስ ምሽት፣ የተገኘው ዓርብ ጠዋት ነው። ወይንሸት የተጠራችው ግን ማክሰኞ ነበር፤ ያውም እናቱን እንድታስተዛዝን ተብሎ። እሷ ማስተዛዘን አይሆንላትም። አዲስ አበባ ላይ አሥራ አምስት ዓመት የወንጀል መርማሪ ነበረች፤ ሎስ አንጀለስ ከመጣች ወዲህም ዌስትውድ ላለ አንድ ጠበቃ ጉዳይ ታጣራለች። ለቅሶ ቤት ስትገባ እንኳ ቀድማ የምታየው ማን እንዳለቀሰ ሳይሆን ማን እንዳላለቀሰ ነው። ሰው ሠርግ የማይጠራት ለዚህ ሳይሆን አይቀርም።

በዚያ ቤት ያላለቀሱት የሟች እናት ነበሩ። ወይዘሮ እታገኘሁ ከፌርፋክስ ጎዳና ገባ ባለው አፓርትመንታቸው፣ ጥቁር ነጠላቸውን ተከናንበው ፍራሽ ላይ ተቀምጠዋል። ዓይናቸው ደርቋል።

«ራሱን ላጠፋ ሰው ድምፅ አውጥተሽ አታልቅሺ አሉኝ» አሉ። «እሺ አልኩ። ግን ልጄን ያለ ፍትሐት አልቀብረውም። ዮፍታሔ ራሱን አልገደለም። አጣሪልኝ።»

«አጣርቼ እውነት ሆኖ ባገኘውስ?»

«ያኔ ካንቺ አፍ ልስማው።»

አጠገባቸው የነበሩት ቀሲስ ኅሩይ መስቀላቸውን በእጃቸው አገላበጡ። «ሥርዓቱን እኔ አላወጣሁትም» አሉ ለወይንሸት። «ቀብሩ ዓርብ ነው። እስከዚያ ሌላ ነገር ካመጡልኝ ጸሎቱን ራሴ እጀምራለሁ።»

ሦስት ቀን ማለት ነው። ወይንሸት ከዚያ ባነሰ ጊዜም ሠርታ ታውቃለች።

ዮፍታሔ ሠላሳ አራት ዓመቱ ነበር። ፌርፋክስ ላይ ካለው የአቶ አድማሱ የኤሌክትሮኒክስ ሱቅ ጀርባ፣ በአንዲት ጠባብ ክፍል ኮምፒውተር ይጠግናል። እዚያው ጠረጴዛው ላይ እንደተደፋ ነው የተገኘው። የጠጣው የብርቱካን ጭማቂ ውስጥ የእንቅልፍ ክኒን ነበረበት። በሩ ተቆልፏል፤ ኮምፒውተሩ ላይ የሚወደው ጌም ተከፍቷል፤ ስክሪኑ ላይ «ደክሞኛል። ይቅር በሉኝ» የሚል ጽሑፍ አለ። ጨዋታው የደረሰበትን የሚያስቀምጠው ፋይል፣ ተጫዋቾች ሴቭ የሚሉት፣ ለመጨረሻ ጊዜ የተመዘገበው ሐሙስ ማታ ሁለት ሰዓት ከአርባ ላይ ነው። ሱቁ ውስጥ አልፎ አልፎ የሚያግዘው የልብ ጓደኛው ዘርዓብሩክ፣ ሃውቶርን ከሚገኘው ቤቱ ሆኖ በኢንተርኔት እስከዚያ ሰዓት አብሮት ሲጫወት እንደነበር ተናግሯል፤ የእሱም ኮምፒውተር ያንኑ ሰዓት ያሳያል። እጮኛው ሃይሚ ከሁለት ወር በፊት ተለይታዋለች። የክኒኑ ብልቃጥ ላይ የተጻፈውም የእሷ ስም ነው። ፖሊሶቹ የተሰበረ ልብ ብለው መዝገቡን ሊዘጉ ተቃርበዋል።

ረቡዕ ጠዋት ወይንሸት ሱቁ ደረሰች። አቶ አድማሱ ስልሳ ዓመት ያለፋቸው፣ ሳይጠየቁ የሚመልሱ ሰው ናቸው።

«የክፍሉ ሁለተኛ ቁልፍ እኔ ጋ ነው» አሉ ገና ከበር። «ይህን ሊሉኝ እንደመጡ አውቃለሁ።»

«በሩስ ያለ ቁልፍ አይዘጋም?»

«ስበው ከዘጉት ራሱ ይቆለፋል።»

«እንግዲያው ቁልፍዎን ይተውትና ስለ ልጁ ይንገሩኝ።»

አቶ አድማሱ ትከሻቸው ወረደ። የኋላውን ክፍል ከፍተው መደርደሪያውን አሳዩአት። ፍላሾችና ዲስኮች ተደርድረዋል፤ ሁሉም ላይ ወረቀት ተለጥፏል፤ የባለቤቱ ስም፣ ቀኑ፣ ጌም ከሆነም ስንት ሰዓት እንደተጫወቱበት።

«ሁለት ኮፒ ሳያወጣ የሰው ኮምፒውተር አይነካም ነበር» አሉ። «'ፓስፖርት ቢጠፋ ሌላ ይወጣል፤ ሰው ሁለት ዓመት የተጫወተውን ማን ይመልስለታል?' ይለኛል። እኔ እስቅበት ነበር።»

ፖሊሶቹ ፎቶ አንስተው የተዉትን ኮምፒውተር እንዲከፍቱላት አቶ አድማሱን ለመነቻቸው። ጌሙ ኮምፒውተሩ ላይ የተጫነው መቼ እንደሆነ አዩ፤ ያው ሐሙስ ነው፣ ማታ አንድ ሰዓት ከአሥር ላይ። ጌሙ ራሱ የሚቆጥረው የጨዋታ ሰዓት አምስት መቶ ዘጠና ይላል።

«ሐሙስ?» አሉ አቶ አድማሱ። «ይህን ጌም እኮ ዓመቱን ሙሉ ሲጫወት አይቼዋለሁ።»

ወይንሸት ቁጥሩን ማስታወሻዋ ላይ ጻፈች። ምን እንደሚያደርግላት ገና አላወቀችም፤ ያልገባትን ነገር መጻፍ ግን የቆየ ልማዷ ነው።

ሃይሚን ያገኘቻት በርባንክ ኤርፖርት፣ የምሳ እረፍቷ ላይ ነው። ልጅቷ የሥራ ልብሷን እንደለበሰች መጣችና ሳትቀመጥ ጀመረች።

«ክኒኑ የኔ ነው እትዬ። እሱ መሳቢያ ውስጥ ረስቼው ነው፤ ዘርዓብሩክም ጋሽ አድማሱም ያውቃሉ። ሶ፣ ገደልሽው ልትዪኝ ነው?»

«ቁጭ በይ መጀመሪያ። መቼ ነው ያወራችሁት?»

«ሊሞት አራት ቀን ሲቀረው፣ እሁድ። ደህና ነበር፣ እመኚኝ። 'ፍልሰታ ሲፈታ ቁጭ ብለን እናውራ' አለኝ። አሁንስ ስለው፣ 'የጀመርኩት ነገር አለ፤ እሱን ልጨርስ' አለኝ።» የመታወቂያዋን ገመድ ጣቷ ላይ ጠቀለለች። «እናቱን ማየት ፈርቻለሁ። በኔ የተነሳ ከሆነስ?»

ወይንሸት «የጀመርኩት ነገር አለ» የሚለውን ማስታወሻዋ ላይ ጻፈች። 

ከሰዓት በኋላ ለቅሶው ቤት ስትመለስ ዘርዓብሩክ ለእንግዶች ውኃ ያድላል። ረጅም፣ ዓይነ ግቡ ወጣት ነው፤ ከሞቱ ቀን ጀምሮ ከዚያ ቤት አልተለየም። ደረጃው ላይ ወስዳ አስቀመጠችው።

«ከዚህ ነገር ምንም አላውቅም» አለችው። «እንደ ሕፃን አስረዳኝ። የጨዋታው ሰዓት ሊቀንስ ይችላል?»

«ኖ፣ እትዬ። ጌሙ ራሱ ነው የሚቆጥረው። ይጨምራል እንጂ አይቀንስም፤ የድሮ ሴቭ ሪስቶር ካላደረግሽ በቀር።»

«ሪስቶር ማለት?»

«ያስቀመጥሽውን ኮፒ መልሰሽ ማስገባት።»

«ጌሙ የተጫነው ሐሙስ ነው አሉኝ።»

«አዎ፣ ዲስኩ ተበላሽቶበት ነበር። ከዚያ በፊት እንጫወት ስለው 'ጌሞቹ የሉም፣ ዲስኩን አውጥቼዋለሁ' አለኝ። ሐሙስ ከራሱ ባክአፕ ሪስቶር አድርጎ ተጫወትን።»

«አንተስ የሱ ኮፒ ነበረህ?»

«እኔ?» ፈገግ አለ። «እኔ ሰነፍ ነኝ። ባክአፕ አላደርግም።»

አመስግናው ወደ ውስጥ ገባች። እንግዳው ቀለል እስኪል ጠብቃ ወይዘሮ እታገኘሁ አጠገብ ተቀመጠች።

«እማማ፣ ዮፍታሔ ይህን ፍልሰታ እንዴት ይጾም ነበር?»

«እንደ ሰው ነዋ። እስከ ዘጠኝ ሰዓት ምንም አይቀምስም።»

«ከምግብ ሌላ የተወው ነገር አልነበረም?»

 አሮጊቷ ግራ ቀኝ አይተው ድምፃቸውን ዝቅ አደረጉ።

«ለማንም አትንገሪ ብሎኝ ነበር። ጾም ለታይታ ሲሆን አይወድም። በጾሙ ዋዜማ አንድ ጥቁር ነገር፣ መዳፍ የምታህል፣ በፕላስተር ጠቅልሎ ሰጠኝ። 'የምወደው ነገር እዚህ ውስጥ ነው፤ ከኮምፒውተሬ አጥፍቼዋለሁ። ፍልሰታ ሲፈታ ስጪኝ። ከዚያ በፊት ብለምንሽም እንዳትሰጪኝ' አለኝ።»

«መጥቶ ለመነዎት?»

«አንድ ቀን እንኳ አልጠየቀኝም።» ከትራሳቸው ሥር አወጡት። ፕላስተሩ አልተነካም።

 ወይንሸት ወዲያው ጉዳዩን ለያዘው ፖሊስ፣ ለሞራሌስ ደወለች፤ ፕላስተሩ የተፈታውም በእሱ ፊት፣ አቶ አድማሱ እየረዱ ነው።

ሐሙስ ጠዋት አምስት ሰዓት ላይ ሁሉም በዚያች የኋላ ክፍል ተሰበሰቡ። እናትየው ብቸኛው ወንበር ላይ፣ ቀሲስ ኅሩይ ከጎናቸው፤ ሃይሚ ከመደርደሪያው ሥር፤ አቶ አድማሱ ኮምፒውተሩ ፊት፤ ዘርዓብሩክ ግድግዳውን ተደግፎ። ሞራሌስ በሩ ላይ ቆሟል።

«ዮፍታሔ በዚህ ፍልሰታ ከምግብ ሌላም ጾሟል» ብላ ወይንሸት ጀመረች። «ጌም። እስከ ዋዜማው የተጫወተውን ሁሉ ባክአፕ አድርጎ፣ ከኮምፒውተሩ አጥፍቶ፣ ዲስኩን አውጥቶ ለእናቱ ሰጠ። ለሰው አላወራም። ጋሽ አድማሱ፣ ዲስኩ ላይ ያለው ሴቭ ስንት ሰዓት ይላል?»

«ስድስት መቶ አርባ።»

«ያለፈው ሐሙስ ማታ ሴቭ የተደረገውስ?»

«አምስት መቶ ዘጠና።»

«ይጨምራል እንጂ አይቀንስም ያለኝ ዘርዓብሩክ ነው፤ ልክ ነው። እንግዲህ ሐሙስ እዚህ ጌሙን የጫነው ሰው በእጁ የነበረው የድሮ ኮፒ ነው። ዮፍታሔ ጾሙን ልሻር ቢል አዲሱ ኮፒ እናቱ ትራስ ሥር ነበር፣ አምስት ደቂቃ መንገድ። ለሰው ጨዋታ ያን ያህል የሚሳሳ ሰው የራሱን ሃምሳ ሰዓት አይጥልም። ስለዚህ የጫነው ሌላ ሰው ነው።»

«ሌላ ማን?» አለች ሃይሚ።

«ኮፒው ያለው። ዮፍታሔ የሰጠውን ሁሉ ይጽፍ ነበር፤ ዲስኩ ላይም ጽፏል። 'ለዘርዓብሩክ የተሰጠ፣ ሰኔ፣ አምስት መቶ ሰማንያ ዘጠኝ ሰዓት' ይላል። ሐሙስ ማታ የተጫወቱበት ሲደመር አምስት መቶ ዘጠና ይሆናል።»

ዘርዓብሩክ ከግድግዳው ተላቀቀ። «ኦኬ፣ ረስቼው ነው። ለምኖኝ ላክሁለት። ሶ ዋት?»

«ትናንት ከራሱ ባክአፕ ነው ብለኸኛል። ኮፒ የለኝም ብለኸኛል። ይህ ፋይል እኮ ሐሙስ ማታ ሃውቶርን ለመሆንህ ያለህ ብቸኛ ምስክር ነው። ክኒኑን ከመሳቢያው አውጥተህ፣ በጭማቂ አጠጥተኸው፣ እዚሁ ጎኑ ተቀምጠህ ብቻህን ተጫወትክ። ሁለት ሰዓት ከአርባ ሲል ሴቭ አድርገህ ቀዳኸው፤ 'ይቅር በሉኝ' የሚለውን ጽፈህ፣ በሩን ስበህ ዘግተህ፣ ቅጂውን ወደ ቤትህ ኮምፒውተር ወሰድክ። ዲስኩ የተበላሸ መስሎህ ነው፤ ጌም መጾሙን ብታውቅ ኖሮ ጌሙን አትከፍተውም ነበር።»

«ለምን ብዬ? ወንድሜ ነው!»

«እዚያው ዲስክ ላይ የሰው ወረቀት አለ፤ የሃያ ሦስት ደንበኛ ፓስፖርትና የኢሚግሬሽን ፋይል። እዚህ ለጥገና ሲመጡ ቀድተህ የሸጥካቸው ናቸው። ያንተን ላፕቶፕ ባክአፕ ሲያደርግ ያገኘው ዮፍታሔ ከየት እንደቀዳው ጽፎበታል።»

ሞራሌስ ስልኩን አወጣ። ማንም ለማየት ምክንያት ያልነበረውን የጎረቤት ካሜራ ትናንት ማታ አይቶት ነበር። የዘርዓብሩክ መኪና ሐሙስ ማታ ሁለት ሰዓት ከሃምሳ ላይ ከሱቁ ጀርባ ሲወጣ ይታያል።

ዘርዓብሩክ ግድግዳው ሥር ቁጢጥ አለ። «ዮፍታሔ ጊዜ ሰጥቶኝ ነበር» አለ። «'ፍልሰታ እስኪፈታ ራስህ ሄደህ ንገራቸው፤ ከኔ አፍ አይስሙት' አለኝ። እንዴት እነግራቸዋለሁ? ግማሾቹ ያሳደጉኝ ሰዎች ናቸው።»

«ስድስት ቀን ውኃ ስታቀብለኝ ነበር» አሉ ወይዘሮ እታገኘሁ። ሌላ ነገር አልጨመሩም። ሞራሌስ እጁን ይዞ ሲያወጣው ዞረው አላዩትም። ሃይሚ መጥታ እግራቸው ሥር ተንበረከከች፤ እሳቸውም ራሷን ወደ ጉልበታቸው ሳቡት።

ዓርብ ዕለት ቤተ ክርስቲያኑ ሞልቶ ነበር። ወይንሸት በሩ አጠገብ ቆመች። ደስ ሊላት ይገባ ነበር፤ አላላትም። ያ ልጅ ለጓደኛው ንስሐ ብሎ የሰጠው ጊዜ ለሞቱ መዘጋጃ እንደሆነ እያሰበች ተቃጠለች።

ቀሲስ ኅሩይ ፍትሐቱን ጀመሩ። «ነፍሰ ገብርከ ወልደ ኪዳን» ብለው የዮፍታሔን የክርስትና ስም ሲጠሩ፣ ወይዘሮ እታገኘሁ ስሙን በትክክል መስማታቸውን ለማረጋገጥ ቀና አሉ። ቄሱም አይተዋቸው ደገሙት። ያኔ እናትየው ነጠላቸውን ከፊታቸው ገለጡና፣ ማንም ሳይከለክላቸው፣ ድምፃቸውን አውጥተው አለቀሱ።