የአሰልጣኝ ጫኔ ሰዓት

አሰልጣኝ ጫኔ ዘወትር ሰዓት ይዘው ከሚቆሙበት ድንጋይ ሥር በጀርባቸው ወድቀው ተገኙ። የራስ ቅላቸው ከኋላ ተመትቷል። በአንገታቸው የተንጠለጠለው የሩጫ ሰዓት አርባ አንድ ደቂቃ ከሰባት ሴኮንድ ላይ ቆሟል።

ፖሊስ ከመሐል ሜዳ ከተማ ከወጣ፣ ስልክ ከጠፋ፣ መንገድ ከተዘጋ አራተኛ ወሩ ነበር። ስለዚህ ሽማግሌዎቹ አመተሥላሴን አስጠሩ። ሃያ ዓመት ወንጀል መርምራ ጡረታ የወጣች፣ ለእናቷ ተዝካር ከደብረ ብርሃን መጥታ መንገዱ የተዘጋባት ሴት ናት።

የተጠረጠረችው ምሥራቅ ነበረች። በውጭ አገር ሁለት ማራቶን አሸንፋለች። ለልምምድ ወደ ትውልድ ከተማዋ በመጣች በሳምንቱ ውጊያው ጀመረ፤ ከዚያ ወዲህ ኪዳነ ምሕረትን የሚዞረውን አንዱን መንገድ ብቻ ደጋግማ ትሮጣለች። የሚቀጥለው ውድድሯ ሦስት ሳምንት ቀርቶታል። ከነገ ወዲያ ማለዳ አንድ አይሱዙ ቁስለኞችን ጭኖ ወደ ደብረ ብርሃን እንዲያልፍ ተፈቅዷል፤ ከሾፌሩ ጎን ያለውም አንድ ቦታ ለእሷ ተይዟል። ሽማግሌዎቹ ግን ነገሩ ሳይጣራ ከከተማው ንቅንቅ አትልም ብለዋል።

አመተሥላሴ በመጀመሪያ የሟቹን ባለቤት ዘነበችን አነጋገረች።

«ጫኔ በየዙሩ ይመዘግባል እንጂ ሰዓቱን አያቆምም» አለች ዘነበች። «የሚያቆመው እሷ ጨርሳ ስትደርስ ብቻ ነው። ሦስት ዙር ሃምሳ ደቂቃ ነው። አርባ አንድ ላይ ከቆመ፣ አቋርጣ ተመልሳበታለች ማለት ነው። ፓስፖርቷን ይዞባት እሑድ ዕለት ሲጨቃጨቁ ሰው ሁሉ ሰምቷል።»

ነገሩ የሚጣል አልነበረም። አመተሥላሴ ሰዓቱን ስታየው ሁለት ዙር ተመዝግቦበታል፤ እያንዳንዱ አሥራ ስድስት ደቂቃ ከአርባ ሴኮንድ። ቁጥሮቹን በሽማግሌዎቹ ፊት ጻፈች። ከዚያ ሰዓቱን አስነስታ ሦስት ጊዜ መሬት ላይ ጣለችው። አልቆመም።

ምሥራቅ ጥያቄውን ሁሉ መሬት መሬት እያየች መለሰች። ሁለቱን ዙር አሯሯጯ ይሥሐቅ ከፊቷ ሆኖ ነፋሱን እየከለለላት ሮጠ፤ እንደ ልማዱ ድንጋዩ ጋ ሲደርስ ከሩጫው ወጣ። ሦስተኛውን ብቻዋን ሮጣ ስትመለስ አሰልጣኟ ወድቀው አገኘቻቸው። ስለ ፓስፖርቱ የተጨቃጨቁት እውነት ነው። ይሥሐቅም ለዚያው ውድድር ተጋብዟል፤ የመኪናው ቦታ ግን አንድ ብቻ ነው።

ከድንጋዩ አጠገብ ማሳ ያለው ፈንታ በልምምዱ ምክንያት ከሟቹ ጋር ዓመቱን ሙሉ ሲጣላ የኖረ ገበሬ ነው። በዚያ ጠዋት ግን ዘመሮ ገበያ በግ ሊሸጥ መሄዱን ተናገረ፤ አብረውት የሄዱ ሦስት ሰዎችም መሰከሩለት።

«እትዬ፣ እኔ ሰው ብገድል ገብሴን የምትረግጠውን እሷን ነበር» አለ። «ግን ማን ይደርስባታል?»

ይሥሐቅ ሲጠራ ፈጠን ፈጠን ብሎ መጣ። ደጃፉ ላይ ሲቆም የቀኝ አውራ ጣቱ የግራ እጁን አንጓ ጫን አደረገ። አንጓው ላይ ሰዓት አልነበረም። ከሁለተኛው ዙር በኋላ በቀጥታ ቤቱ እንደገባ፣ ብቻውን እንደሚኖር፣ ያየው ሰው እንደሌለ ነገራት።

አመተሥላሴ ከዚያ ወደ ኪዳነ ምሕረት ወጣች። ቤተ ክርስቲያኑ ከዙሩ እኩሌታ ላይ ነው። መሪጌታ መልከ ጼዴቅ በየማለዳው ከደጀ ሰላሙ ተቀምጠው ዳዊት ይደግማሉ።

በማግሥቱ ከሰዓት በኋላ ሁሉም በቀበሌው አዳራሽ ተሰበሰቡ። አመተሥላሴ ሰዓቱን አስነስታ ጠረጴዛው ላይ አኖረችው።

«መሪጌታ፣ ምሥራቅን ስንት ጊዜ አዩአት?»

«ሦስቴ።»

«ከመጀመሪያው እስከ ሁለተኛው ምን ያህል ደገሙ?»

«አንድ ንጉሥ። አሥር መዝሙር።»

«ከሁለተኛው እስከ ሦስተኛውስ?»

«ያው አንድ ንጉሥ።» ሽማግሌው ቅር አላቸው። «ልጄ፣ ዳዊት እንደ ወሬ አንዴ ፈጥኖ አንዴ ዘግይቶ አይደገምም።»

«እንግዲህ ምሥራቅ ድንጋዩ ጋ አልቆመችም፤ መንገዷንም አላቋረጠችም» አለች አመተሥላሴ። «አርባ አንደኛው ደቂቃ ላይ ሦስተኛውን ዙር አጋምሳ በመሪጌታ ፊት እያለፈች ነበር። ሰዓቱን ሌላ ሰው አቆመው። ፈንታ፣ እስቲ አንተ አቁመው።»

ፈንታ ሁለት ቁልፍ ነካ፤ መብራቱ በራ እንጂ ሰዓቱ አልቆመም። ዘነበችም ሞክራ አቃታት።

«መውደቅ አያቆመውም፤ የማያውቅ እጅም አያቆመውም። ለወትሮው ቁልፉን የሚያውቁት ሦስት ሰዎች ናቸው። አንዱ ሞተዋል። አንዷ ቤተ ክርስቲያኑ ጋ ነበረች።»

ሰዓቱን ወደ ይሥሐቅ ገፋ አደረገችው። ቁጥሮቹ ይሮጣሉ። ይሥሐቅ ትክ ብሎ አያቸው። እጁ ተነሣ፤ ማንም ሳያዘው አውራ ጣቱ ቁልፉን ጫነ።

ቁጥሮቹ ቆሙ።

«ገፋኋቸው እንጂ ልገድላቸው አልነበረም» አለ ይሥሐቅ። «ስድስት ዓመት ከፊቷ ሮጥሁላት። የመኪናውን ቦታ ለእኔ ይስጡኝ ብዬ ለመንኋቸው። አሯሯጭ ሁልጊዜ መሐል መንገድ ላይ ነው የሚወጣው አሉኝ። ገፋኋቸው፣ በጀርባቸው ድንጋዩ ላይ ወደቁ። እሳቸው አይንቀሳቀሱም፣ ሰዓቱ ግን ይሮጣል። እሱን ማየት አልቻልሁም።»

ምሥራቅ ለመጀመሪያ ጊዜ ቀና ብላ አየችው። ዘነበች ተነሥታ የምሥራቅን ፓስፖርት ከነጠላዋ ጫፍ ፈትታ ሰጠቻት።

ይሥሐቅን የቀበሌው የእህል መጋዘን ውስጥ አስገብተው ዘጉበት። ምሥራቅ ሻንጣዋን ይዛ አይሱዙው ላይ ወጣች፤ የሚሄደው በሚቀጥለው ማለዳ ስለሆነ ሾፌሩ ሳቀባትና አወረዳት። ሲነጋ በሞላሌ በኩል ተኩስ እንደገና ተከፈተ። መንገዱ ተዘጋ። ቁስለኞቹ ወደ ጤና ጣቢያው ተመለሱ፤ ለሰው ሞት ምክንያት የሆነው ቦታ ከሾፌሩ ጎን ባዶውን ቀረ።

ረፋዱ ላይ ምሥራቅ ጫማዋን አስራ ወጣች። አመተሥላሴ ከደጀ ሰላሙ ከመሪጌታ ጎን ተቀምጣ ነበር። ልጅቷ አጎንብሳ፣ ከንፋሱ ጋር እየታገለች በፊታቸው አለፈች። ከብዙ ጊዜ በኋላ ዞራ ደግማ አለፈች።

መሪጌታ ጣታቸውን ገጹ ላይ አድርገው ቆጠሩ።

«አንድ ንጉሥና ሁለት መዝሙር» አሉ።