ከንፈራቸው የነጣ ሁለት በጎች

ሁለቱ በጎች ጠመኔ ማምረቻው አጥር ሥር ተጋድመዋል። ሆዳቸው አብጧል። ከንፈራቸው ነጭ በነጭ።

ነሐሴ ነው፣ ቅዳሜ ጠዋት፣ መካነ ኢየሱስ። ሰፈሩ ለቅሶ ቤት ይመስል ተሰብስቧል። ባለቤታቸው ደምሌ የትምህርት ቤት ዘበኛ ነው፤ የማምረቻው ሴቶች ጠርገው የደፉትን የጠመኔ መሥሪያ ጄሶ ልሰው ሞቱብኝ ይላል። የአካባቢ ጥበቃ ተቆጣጣሪውም ማሸጊያውን ይዞ ከተፍ። እንስሳ ከተጎዳ ማምረቻው ይታሸጋል፣ ደንቡ እንደዛ ነው። እስከ ማታ ሌላ የሞት ምክንያት ካልተገኘ በቃ።

ማምረቻውን ከአምስት ጓደኞቿ ጋር ያቋቋመችው ዘርፌ ናት። ለመስከረም የታዘዘው ጠመኔ ገና ግማሹም አልደረሰም። ከታሸገ ስድስቱም ሥራ ፈት ናቸው።

ሳጅን ዓለምጸሐይ መጣች። ብዙ አታወራም። ከበጎቹ ከንፈር ነጩን ዱቄት አራግፋ በብርጭቆ አደረገች። ከማምረቻው ወለልም በሌላ ብርጭቆ። ሁለቱም ላይ ውሃ ጠብ አድርጋ ቁጭ። አጥሚት ልታጠጣን ነው እንዴ እያሉ ሳቁባት።

ትንሽ ቆይቶ የወለሉ ጄሶ ድንጋይ ሆነ። የበጎቹ ጭቃ እንደሆነ ቀረ።

"ይሄ አንዴ ጠመኔ ሆኖ ያለፈ ነው" አለች። "ጥሬ ጄሶ ቢሆን በምራቃቸው ይደርቅ ነበር። ጠመኔ ፈጭቶ የቀባቸው ሰው አለ።"

ዓይን ሁሉ ታሂር ላይ። ከደብረ ታቦር ጠመኔ እያመጣ የሚሸጠው እሱ ነው፤ ዘርፌ ከጀመረች ወዲህ ገበያው ቀዝቅዞበታል።

"በግ ምን ሊጽፍበት?" አለ ታሂር።

ደግሞ ከሐሙስ ጀምሮ አርብ ገበያ ከተማ ነበር። ገና አሁን ከመኪና መውረዱ ነው፣ ሾፌሩም መሰከረለት።

ሳጅኗ ወደ በጎቹ ተመለሰች። የገበሬ ልጅ ናት። የክረምት እርጥብ ሳር ሆዱን ያሳበጠው በግ ምን እንደሚመስል ታውቃለች። በራሳቸው ነው የሞቱት። የተቀቡት ከሞቱ በኋላ ነው። መጀመሪያ ያገኛቸው ደግሞ አንድ ሰው ነው።

"አያ ደምሌ፣ የካፖርትዎን ኪስ ይገልብጡልኝ እስቲ።"

"ምን ያደርግልሻል?"

"ይገልብጡልኝ።"

ከየክፍሉ የለቀመው ስብርባሪ ጠመኔ መሬት ላይ ተዘረገፈ።

አልካደም። ሚስቱ ውባለም ስትስል ሁለት ዓመት ሊሆናት ነው። ጄሶው በወንፊት ሲነፋ ብናኙ በመስኮት ወጥቶ እነሱ ቤት ይገባል። ሦስቴ አመልክቷል።

"የአቤቱታው ቅጽ ላይ ስለ ሳል የሚሞላበት ቦታ የለም" አለ መሬት መሬት እያየ። "ስለ ከብት ግን አለ። በጎቹ ሞተው ሳገኛቸው፣ ከሞቱ አይቀር አልኩ።"

ተቆጣጣሪው ማሸጊያውን ቦርሳው ውስጥ ከተተ። የፍሳሽ ጉድጓድ ተቆፍሯል፣ የሠራተኛ ጭንብል አለ፣ ጨርሰናል ብሎ ሄደ። ሳጅኗ ደምሌን ወደ ጣቢያ ይዛው ወጣች።

ዘርፌ በንዴት ደምሌ ቤት ዘው አለች። ልትሳደብ ነው የገባችው። ውባለም ግድግዳ ተደግፋ ተቀምጣለች። እንግዳዋን ደህና ዋልሽ ልትላት አፏን ስትከፍት ሳሉ ቀደማት። ቆየ። በጣም ቆየ። ዘርፌ ትራሱን አየች፣ ነጠላውን አየች፣ የእንስራውን አፍ አየች። ሁሉም ላይ ብናኝ አለ። ማምረቻው ውስጥ ስድስቱም ጭንብል አላቸው። ውባለም የላትም።

ተመልሳ ወጣች። ወንፊቱ እንዳይነካ ለጓደኞቿ ነገረቻቸው፣ በደምሌ ቤት በኩል ያለው መስኮት እስኪደፈን። መስከረምስ? አሏት። እንግዲህ ካልደረሰም አልደረሰም አለች።

ከዛ ሮጣ ሳጅኗን መንገድ ላይ ደረሰችባት።

"ቃላቸውን ተቀብለሽ ስትጨርሺ አያ ደምሌን ላኪልን" አለቻት። "ለመስኮቱ ጭቃ የሚያቦካ ሰው ያንሰናል።"