ዘጠነኛው ዘፈን

ጨረቃ ላይ ሄቪ ሜታል የተባለውን ጯሂ ሙዚቃ የሚያዳምጥ ሰው መጀመሪያ ቀበቶ ይታሰርለታል። ክብደት እዚያ ቀላል ነውና፣ ስሜት ገፋፍቶት ወለሉን የረገጠ አድማጭ ጣሪያ ነክቶ ይመለሳል። የድምፅ ማደሻ ክፍሏ ባለሙያ ሙሉዓለም ግን የዛሬው እንግዳዋ ጣሪያ የሚነኩ አልመሰሏትም። ጋሽ ኅሩይ ዘጠና አንድ ዓመታቸው ነው። በወጣትነታቸው «ቀይ ዝገት» የተባለ የሙዚቃ ባንድ ድራም መቺ ነበሩ። ባንዱ ያወጣው አንድ አልበም ብቻ ሲሆን፣ የሙዚቃው ወዳጆች እስካሁን ክላሲክ ይሉታል። እሳቸው ግን ስልሳ ዓመት ሙሉ ሰምተውት አያውቁም።

«ዘጠነኛው ዘፈን ላይ ዘግይቻለሁ» አሏት፣ ቀበቶውን ስታጠብቅላቸው። «እንደገና ለመቅረጽ ጊዜ አልነበረንም፤ እንዲሁ ወጣ። ሦስቱም የባንዱ ጓደኞቼ አንድ ቀን እንኳ ሳይወቅሱኝ፣ በሆዳቸው ይዘውብኝ ሞቱ። እሱ ነው የሚያንገበግበኝ። አርሚልኝና በሰላም ልሙት።»

«ለዚህማ አይሙቱ ጋሼ፤ የሁለት ደቂቃ ሥራ ነው።»

ከባቢ ድምፅ፣ ማለትም ሙዚቀኞችን አንድ በአንድ ለይቶ በአድማጩ ዙሪያ የሚያቆመው መሣሪያ፣ የድሮውን ቅጂ ፈታታው። ጊታሩ ቆርቆሮ ጣሪያ ላይ እንደሚወርድ በረዶ ከግራ መጣ። ቤዝ ጊታሩ ከኋላ፣ ድምፃዊው ከፊት ቆሙ። አዛውንቱ በመካከላቸው፣ ድሮ ድራም ሲመቱ ይቀመጡበት የነበረው ቦታ ላይ ሆኑ። ዘጠነኛው ዘፈን ላይ ሲደርስ መሣሪያው ቀይ መብራት አበራ፤ ያገኘው ስህተት ግን አራት ነበር።

ሙሉዓለም ተበላሽቷል ብላ አጥፍታ አስነሳችው። አሁንም አራት አለ። «ሁሉንም አርም» የሚለውን ልትነካ ስትል ዝርዝሩን አየችና እጇን ሰበሰበች። መጀመሪያ ድራሙ ዘገየ፤ ዐይን ተከድኖ እስኪገለጥ ደግሞ ሌሎቹ ሦስቱም እኩል ዘገዩ።

«ጋሼ፣ ሳላርመው አንዴ ይስሙት።»

«ስልሳ ዓመት የሸሸሁትን?» አሉ። ግን ራሳቸውን በእሺታ ነቀነቁ።

ከግራ ጊታሩ አንዲቷን ድምፅ ይዞ ቆየ። ከኋላ ቤዙ አንድ ምት አሳለፈ። ድምፃዊው ትንፋሽ ስቦ ዝም አለ። ከዚያ ድራሙ ሲደርስ ሁሉም አብረው ገቡ። በድሮው ቅጂ ይህ ሁሉ በአንድ ጩኸት ተውጦ ነበር።

«ጠብቀውኛል» አሉ ጋሽ ኅሩይ። ጨረቃ ላይ እንባም ቀስ ብሎ ነው የሚወርደው። «እኔ ደግሞ ይሄንን ላስጠፋ መጣሁ።»

መሣሪያው አራቱም ይታረሙ እንደሆን ደግሞ ጠየቀ።

«የእነሱ መዘግየት ስህተት አይደለም፤ እተወዋለሁ» አለች ሙሉዓለም። «የእርስዎንስ?»

«የእኔዋማ ስህተት ናት» አሉ። «እሷንም ተያት። እሷ ባትኖር ማን ይጠብቀኝ ነበር?»